ልስን የሸፈነው

በከተማችን አዲስ ቤት የሠራ ሰው እንግዳ ሲመጣበት የሚያስጎበኘው ነገር ተራው የታወቀ ነው። መጀመሪያ ሳሎኑ። ቀጥሎ የሳሎኑ ጂፕሰም ኮርኒስ። ከዚያ ሴራሚኩ፣ «ይኼ እንኳ የውጭ ነው» ከምትል ማሳሰቢያ ጋር። ከዚያ ወጥ ቤቱና ሻወር ቤቱ። እንግዳም ድርሻውን አይስትም፤ አንጋጦ «ውይ ሲያምር!» ይላል፣ ሴራሚኩን በጫማው ጫፍ ነካ ነካ ያደርጋል፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ካሬው በስንት ገባ?» ይጠይቃል። እስከ ዛሬ «ቤት ለእምቦሳ» ባልኩበት ቤት ሁሉ ግን «ና እስቲ፣ የመብራቱ ሽቦ በየት በየት እንዳለፈ ላሳይህ» ያለኝ ባለቤት አልገጠመኝም።

አልፈርድባቸውም። ሽቦው ቱቦ ውስጥ ነው፤ ቱቦው ልስን ውስጥ ነው፤ ልስኑ ላይ ቀለም አለ፤ ቀለሙ ላይ የሰርግ ፎቶ ተሰቅሏል። የማይታይ ነገር አይመሰገንም፣ የማይመሰገን ነገር ደግሞ ብር ሲወጣበት ያንገበግባል። ቤታችንን ሊያቃጥል የሚችለውን ዕቃ በርካሽ፣ ሊያስመሰግነን የሚችለውን በውድ የምንገዛው በዚሁ ምክንያት ይመስለኛል። ለሳሎኑ አምፖል ማንጠልጠያ መርካቶን ከዳር እስከ ዳር የዞረ አባወራ፣ አምፖሉን ለሚያበራው ሽቦ ሲሆን ከሰፈሩ ሱቅ አያልፍም።

ድርድሩን አንድ ቀን ቆማችሁ ብትሰሙት ትወዱታላችሁ።

«2.5 ሽቦ ስንት ጥቅል ነው ያልከው?»

«ሰባት ነው ጋሼ።»

«አምስት አይበቃም?»

«ግድግዳዎቹ ትንሽ ከተጠጋጉ ይበቃል።»

«ይኼ ሁሉ ቱቦስ ምን ያደርጋል? ሽቦውን እንዲሁ ብትቀብረውስ? ልስን ይሸፍነው የለም እንዴ!»

ልስን ይሸፍነው የለም እንዴ! እኔ ይህችን አነጋገር በብዙ ቤት ሰምቻታለሁ፤ ባለቤቱ መሐንዲስ በሆነበት ቤትም ጭምር። እውነት ነው፣ ልስን ይሸፍናል። ችግሩ ልስን የሸፈነውን ነገር አያድነውም። ሰው ቱቦን የሚያስበው ሽቦው እንደለበሰው ካፖርት ብቻ አድርጎ ነው፤ ከእርጥበት፣ ከሚስማር ይጠብቀው ዘንድ። ያም አለበት። ዋናው ጥቅሙ ግን ሌላ ነው። ቱቦ ያለበት ሽቦ ተመዞ ይወጣል። ከዓመታት በኋላ ሽቦው ቢያረጅ፣ ቢቃጠል፣ ወይም ልጅ አድጎ ኮምፒዩተር፣ ሚስት ምጣድ፣ አማት ማሞቂያ ቢጨምሩበት፣ አሮጌው በአንድ ጫፍ ይሳባል፣ አዲሱ ተከትሎት ይገባል፤ ግድግዳውም አይሰማም። ያለ ቱቦ የተቀበረ ሽቦ ግን ተቀብሯል፤ እሱን መጎብኘት የሚቻለው በመዶሻ ነው።

አብዛኞቻችን ያደግንበት የጭቃ ቤት በዚህ በኩል ምስጢር አልነበረውም። ቤቱ በቋሚና በማገር ቆሞ፣ በጭድና በጭቃ ተመርጎ፣ ልጆች ተወልደውበት፣ አንዳንዶቹም ተድረውበት ካበቃ በኋላ ነው መብራት የሚገባው። ስለዚህ ሽቦው ግድግዳ ውስጥ የሚገባበት መንገድ የለውም። ላይ ላዩን፣ በትንንሽ ክሊፕ እየተያዘ፣ ከቆጣሪው ወደ ሳሎን፣ ከሳሎን ወደ ጓዳ ይሄዳል። በጣም በቆዩት ቤቶች ደግሞ ሁለት ሽቦ ተጎንጉኖ በነጫጭ ሲኒዎች ላይ ተወጥሮ ይታይ ነበር። ቁንጅና የለውም። ሆኖም ሲኒው ሽቦውን ከግድግዳው ያርቀዋል፣ አየር ያገኘዋል፣ ቢላላጥም ዓይን ያየዋል። የዛሬው ባለቪላ በብዙ ብር የማያገኘውን ነገር፣ ማለትም ሽቦው የት እንዳለ ማወቅን፣ የጭቃ ቤት ነዋሪ በነጻ ያገኝ ነበር። የማርያምን ሥዕል ለመስቀል ሚስማር ሲመታ ማንንም አያማክርም፤ ሽቦው በግራ ነው፣ ሥዕሉ በቀኝ ይሆናል።

እርግጥ የሚታይ ነገር ሁሉ ሥራ ይበዛበታል። ክሊፕ ሲያልቅ ሚስማር ጎበጥ ተደርጎ ሽቦው ላይ ይመታል፤ ሚስማሩም ቀስ እያለ ላስቲኩን ይበላዋል። ሽቦው ጠበቅ ካለ ደግሞ ነጠላ ይሰቀልበታል፣ ጃንጥላ ይንጠለጠልበታል። ለእንቁጣጣሽ ግድግዳ ሲቀባ እሱም አብሮ ይቀባል፤ የአንድን አሮጌ ቤት ሽቦ በምላጭ ብትፍቁት አረንጓዴ፣ ከሥሩ ሰማያዊ፣ ከሥሩ ኖራ፣ ከሥሩ ደግሞ ያ ቤት ያሳለፋቸውን በዓላት በሙሉ ታገኛላችሁ።

ከኮርኒሱ በላይ ያለው አገር ግን የአይጥ ነው። እዚያ ሽቦው በክሊፕ አይያዝም፤ ማን አይቶት! ቺፕውዱ ላይ ተጥሎ፣ ከአቧራው ጋር ይኖራል። አይጥ ሽቦ የምትቀረጥፈው ርቧት አይደለም። የፊት ጥርሷ ዕድሜዋን ሙሉ የሚያድግ ስለሆነ መሞረድ አለባት፣ ለመሞረድ ደግሞ ለስላሳ ላስቲክ ከደረቅ ሞራሌ ይሻላታል። እሷ ጥርሷን ሞርዳ ስትሄድ ሁለት ራቁት ሽቦዎች ጎን ለጎን በደረቅ እንጨትና በአቧራ መሀል ይተኛሉ። ከታች ያለው ቤተሰብ «ዛሬ ደግሞ ኮርኒሱ ላይ ምን ይንኮሻኮሻል?» ብሎ በመጥረጊያ እንጨት ሁለት ጊዜ ደቃ ደቃ ያደርግና ወደ ድራማው ይመለሳል።

የእህቴ ባል ቨርጂንያ ነው የሚኖረው። ባለፈው ክረምት የመጣ ጊዜ ስለ አሜሪካ ያወራን ነገር ቢኖር ስለ ምድር ቤቱ ነው። የቤቱን ምድር ቤት ከፋፍሎ መኝታ ሊያወጣበት ፈልጎ፣ እንደምታውቁት እዚያ ሰው ርካሽ አይደለምና፣ ራሱ መዶሻ አነሣ። አሜሪካኖቹም ቢሆኑ በብዛት የሚኖሩት በእንጨት ቤት ነው፤ ቋሚው አለ፣ ጭቃው ነው የቀረው። ቋሚዎቹ በ40 ሴንቲ ሜትር ርቀት ይደረደራሉ፣ ሽቦው በቋሚዎቹ ሆድ እየተበሳ ያልፋል፣ ከዚያ በላዩ ላይ የጂፕሰም ሰሌዳ በብሎን ይለበጣል። እንጨቱን በኢንች «ሁለት በአራት» ይሉታል፤ ሲለኩት ግን 38 በ89 ሚሊ ሜትር ነው። የእኛ ሞራሌ ከስሙ አንሶ ሲመጣ ለምትበሳጩ መጽናኛ ይሁናችሁ።

የእህቴን ባል ያስደነቀው የመብሻው ነገር ነው። ቀዳዳው ቋሚው መሀል ላይ መሆን አለበት፤ ከእንጨቱ ጠርዝ ቢያንስ 32 ሚሊ ሜትር መራቅ አለበት። ለምን 32? ሰሌዳው 13 ሚሊ ሜትር ያህል ውፍረት አለው፤ ሰሌዳውን የሚያሥረው የተለመደው ብሎን 32 ሚሊ ሜትር ይረዝማል፤ ስለዚህ እንጨቱ ውስጥ የሚገባው 19 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው። ሽቦው 32 ውስጥ ከተኛ፣ ሰሌዳ የሚለብጠው ሰው ዓይኑን ጨፍኖ ቢያስርም አይደርስበትም። ቀዳዳው የግድ ወደ ጠርዝ ከቀረበስ? በቋሚው ፊት ላይ 1.6 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያላት የብረት ቁራጭ ትመታለች፤ ብሎኑ መጥቶ እሷ ላይ ይንሸራተታል። እኔ ይህን ስሰማ የገረመኝ ሰዎቹ ሽቦውን ማመናቸው ሳይሆን ሌላውን ሠራተኛ አለማመናቸው ነው። ሕጉ የተጻፈው ነገ የሚመጣው ሰው ግድ እንደማይሰጠው ታስቦ ነው። ይህ ጥርጣሬ እኛም ዘንድ ሞልቷል፤ የምናውለው ግን ለሐሜት ነው።

ታዲያ ሥራው ካለቀ በኋላ ሰሌዳው አይለበጥም። አንድ ተቆጣጣሪ መጥቶ የተከፈተውን ግድግዳ ማየት አለበት። የእህቴ ባል የሐበሻ ነገር፣ ቡና አፍልቶ ጠበቀው። ሰውዬው ቡናውን እንኳ አልቀመሰም። በባትሪና በሜትር እያንዳንዱን ቀዳዳ አየ፤ ሽቦው ከሶኬቱ ሳጥን አጠገብ በክሊፕ መያዙን አየ፤ ከዚያ አንዷን ቋሚ በጣቱ መታ መታ አድርጎ «ይቺ 20 ናት» አለ። ብረት ትመታባት ተባለ። የብረቷ ዋጋ ከቀረበለት ቡና ያንሳል፤ ግድግዳው ግን እሷ እስክትመታ ድረስ አልተዘጋም። «ለአንዲት ቁራጭ ብረት!» አለ የእህቴ ባል፤ በቁጣ ይሁን በኩራት አልለየሁትም።

እኛ ጋ ተቆጣጣሪው ልሳኙ ነው። «ነገ ጠዋት እመጣለሁ» ካለ ይመጣል፣ ከመጣም የተከፈተ ነገር አይወድም።

በብሎኬት ቤት የሥራው ቅደም ተከተል ራሱ ትንሽ ቅኔ አለበት። ግንበኛው በውሃ ልክና በቱምቢ፣ አንድ ዓይኑን ጨፍኖ፣ ቀጥ ያለ ግድግዳ ያቆማል። በሳምንቱ ኤሌክትሪሺያኑ መዶሻና መሮ ይዞ መጥቶ ያንን ግድግዳ ይፈለፍለዋል። ግንበኛው በአጠገቡ ሲያልፍ ፊቱን ያዞራል። ልሳኙ የሁለቱንም ጉድ ይሸፍናል፣ ቀለም ቀቢው ሁሉንም ያስረሳል። እንግሊዞች ለመፈልፈሉ ልክ አበጅተውለታል፤ ከላይ ወደ ታች ከሆነ ከግድግዳው ውፍረት ሲሶ፣ ወደ ጎን ከሆነ አንድ ስድስተኛ እንዳያልፍ ይላሉ። ወደ ጎን መቆረጥ ግድግዳን ይበልጥ ያደክማል። የእኛ ብሎኬት ደግሞ ሆዱ ባዶ ነው፤ ጠንከር አድርጎ የመታ ሰው ቱቦ ማስቀመጫ ሲፈልግ መስኮት ያገኛል። ከወዲያኛው ክፍል «ኧረ ቀስ!» የሚል ድምፅ ሲመጣ መዶሻው ከተባለለት ልክ ማለፉ ይታወቃል።

ጣሪያው የአርማታ ከሆነ ነገሩ ቀደም ብሎ ይጀመራል። ቱቦው በፌሮው መሀል ተዘርግቶ ይታሰርና አርማታው ይሞላበታል። ያን ዕለት ሠላሳ ሰው ባሬላ ተሸክሞ ቱቦው ላይ ይመላለሳል። የአንዱ ቦቲ አንዱን ቱቦ ጨፍልቆ ያልፋል፤ በአንዱ አፍ በኩል ሲሚንቶ ይገባል። ጎበዝ ኤሌክትሪሺያን የቱቦዎቹን አፍ በከረጢት ቁራጭ ወትፎ፣ አርማታው ሲሞላ ከአጠገቡ አይለይም፤ «እዚያ ጋ! እግርህን!» እያለ ይውላል። ጎበዝ ያልሆነው የዚያን ቀን ሌላ ሥራ አለው። ልዩነታቸው የሚታወቀው ከወራት በኋላ፣ ሽቦ የመሳቢያው ቀን ሲደርስ ነው።

የጎረቤቴ ቤት ሲሠራ የሽቦ መሳቡን ዕለት በአጥር ላይ ሆኜ ተከታትያለሁ። ከቲያትር አይተናነስም። አንዱ ልጅ ከሳሎኑ ሳጥን፣ ሌላው ከመኝታ ቤቱ ሳጥን ቆመዋል፤ በመካከላቸው ግድግዳ ስላለ አይተያዩም።

«ግፋ!»

«እየገፋሁ ነው!»

«ቆይ! ቆይ አልኩህ!»

«ሳብ እንጂ!»

«ምን እስባለሁ፣ አልደረሰኝም!»

«እኔ ጋ አልቋል እኮ!»

ትንሽ ዝም ይባባላሉ። ሽቦው ከአንደኛው ገብቷል፣ ከሌላኛው አልወጣም። የት እንዳለ የሚያውቅ እሱ ብቻ ነው። ሳሙና ይቀባል፣ እንደገና ይሞከራል፣ ጣራ ላይ ያለው ሦስተኛ ልጅ ምክር ይወረውራል። ብዙ ጊዜ ጥፋተኛው መታጠፊያው ነው። የአሜሪካ ደንብ በሁለት ሳጥን መካከል የመታጠፊያዎቹ ድምር ከ360 ዲግሪ፣ ማለትም ከአራት ቀጥ ያሉ ማዕዘኖች እንዳይበልጥ ያዛል። ለቁጥር ፍቅር ብለው አይደለም፤ ሽቦ በየማዕዘኑ ቱቦው ላይ ይጣበቃል፣ የመጀመሪያው መታጠፊያ የጨመረውን ጉልበት ሁለተኛው ያበዛዋል፣ አምስተኛው ላይ ሲደርስ ከሰው ክንድ በላይ ይሆናል። ልጆቹ በጉልበት ከሳቡት ደግሞ ሽቦው ይወጣል፣ ላስቲኩ ግን ከፊሉ ውስጥ ይቀራል። ማዕዘን ሲበዛ በመሀል አንድ ጁንክሽን ቦክስ ማስገባት ነበር። ባለቤቱ ግን «ይቺ ክዳን ሳሎን ላይ ታስጠላለች» ብሎ አስነሥቷታል።

ሌላው ጣጣ መጨናነቁ ነው። 16 ሚሊ ሜትር የሚባለው ቱቦ ውስጡ 13 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው። የሚመከረው ሽቦዎቹ ከላስቲካቸው ጋር ከቱቦው ቦታ 40 ከመቶውን ብቻ እንዲይዙ ነው። በዚህ ስሌት 2.5 ሽቦ አራት፣ ቢበዛ አምስት ይገባል። ኤሌክትሪሺያኑ ዘጠኝ ይዞ ይቆማል። ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ሜክሲኮ የቆመ ሚኒባስ ወያላ በምን ዓይን ወንበሮቹን እንደሚያይ የምታውቁ፣ ያ ልጅ ቱቦውን የሚያየው በዚያው ዓይን ነው፤ ጠጋ ጠጋ ይባልና ትርፉ ይጫናል። ልዩነቱ የሚኒባሱ ሰው መገናኛ ሲደርስ ይወርዳል። ሽቦዎቹ ግን ዕድሜ ልካቸውን ተጣብቀው፣ አንዱ የሌላውን ሙቀት እየተቀበለ ይኖራሉ። የሽቦ ላስቲክ እስከ 70 ዲግሪ ድረስ እንዲችል ሆኖ የተሠራ ነው። የሚያልፍበት ኤሌክትሪክ እጥፍ ሲሆን ሙቀቱ እጥፍ አይሆንም፣ አራት እጥፍ ይሆናል። ይህቺን ሒሳብ ከማንም በላይ የሚያውቃት ምጣድ ነው።

የኤሌክትሪክ ምጣድ በሌለበት አገር የተጻፈ የሽቦ መጽሐፍ ለእኛ ግማሽ መጽሐፍ ነው። ሌላው ዓለም ከግድግዳው ሶኬት ሻይ ማፍያ፣ ካውያ፣ ቴሌቪዥን ይሰካል። እኛ 3,500 ዋት ያህል የሚስብ፣ በ220 ቮልት 16 አምፒር ገደማ የሚጎትት ሸክላ እንሰካለን፤ ያውም ለአንድ ደቂቃ አይደለም፣ ሊጡ እስኪያልቅ። ስለዚህ ምጣድ ከማከፋፈያው ሳጥን የራሱ መስመር፣ ወፈር ያለ 4 ሽቦ፣ የራሱም ብሬከር ሊኖረው ይገባል። በተግባር ግን ብዙ ጊዜ የሚሰካው ባዶ ሶኬት በተገኘበት፣ በማራዘሚያ፣ ከፍሪጅ ጋር ነው። አሥረኛው እንጀራ ላይ ብሬከሩ ይወርዳል። ይነሣል፤ ይወርዳል። ሦስተኛው ጊዜ ላይ «ይኼ ብሬከር ተበላሽቷል» ተብሎ ይፈረድበትና ልጁ ይጠራል። ልጁም 16ቱን አውጥቶ 32 ያስገባል። ከዚያ በኋላ አይወርድም። ቤተሰቡ ደስ ይለዋል፣ ልጁ ይመረቃል።

ብሬከሩ ግን የሚጠብቀው ምጣዱን አልነበረም። ግድግዳው ውስጥ ያለውን ሽቦ ነበር። እሱ ሲወርድ «ሽቦው ከዚህ በላይ አይችልም» እያለ ነበር፤ እኛ አፉን ዘጋነው። ቀድሞ በፊውዝ ዘመንም ያው ነበር፤ የተበጠሰችው ቀጭን ሽቦ ቦታ ላይ ወፍራም የመዳብ ክር ይጠመጠምና «አሁን ቢፈልግ ይበጠስ!» ይባል ነበር። እንደተባለውም አትበጠስም። ከዚያ ወዲያ የሚበጠስ ነገር ቢኖር ልስኑ ውስጥ ያለው ነው።

መሬት ውስጥ የሚገባው አረንጓዴና ቢጫ ሽቦ ታሪኩ አጭር ነው። ምንም ስለማያበራ ቆርጠው ይጥሉታል። ከዚያ በኋላ ምጣዱ መንዘር ይጀምራል። የቤቱ ሴቶች ይህን እንደ ምጣዱ ጠባይ ይቆጥሩታል፤ «ትንሽ ያዝ ታደርጋለች እንጂ ክፉ አይደለችም» ብለው ያስተዋውቃሉ። መጋገሪያው አጠገብ የላስቲክ ነጠላ ጫማ ይቀመጣል፣ እግር ሥር ጣውላ ይነጠፋል፣ ለአዲስ ሠራተኛ በመጀመሪያው ቀን ከሚነገሯት ነገሮች አንዱ በባዶ እግሯ እንዳትጋግር ነው። አንድ ሜትር አረንጓዴ ሽቦ ለማዳን ይህ ሁሉ ሥርዓት ተበጅቷል። ሰው የፈለሰፈው ነገር ሁሉ ስለሚያስገርመኝ ጣውላዋን አላጣጥልም፤ ሽቦው ግን ይቀጠልልኝ።

የቀለሙ ነገርም አለ። ሰማያዊ ሽቦ ሲያልቅ ልጁ ወደ ሱቅ አይሄድም፤ ቀይ አለ። «ቀለሙ ምን ለውጥ አለው ጋሼ፣ ውስጡ ያው መዳብ ነው።» ከእሱ በኋላ የሚመጣው ልጅ ያንን ሳጥን ከፍቶ ስድስት ቀይ ሽቦ ሲያይ የሚናገረውን እዚህ መጻፍ አይቻልም።

መብራት ሲጠፋ መጀመሪያ የምናደርገው ነገር ወደ በር ወጥቶ «እናንተ ጋር አለ?» ብሎ መጠየቅ ነው። «የለም» ከተባለ እፎይ እንላለን፤ ጥፋቱ የመብራት ኃይል ነው። (ድርጅቱ በ2006 ዓ.ም. ለሁለት ተከፍሎ ስሙን ከቀየረ ቆይቷል፤ እኛ ግን አልቀየርንም፣ ለመውቀስ የለመድነው ስም ይቀላል።) «እኛ ጋር አለ» ሲባል ነው ሆድ የሚንቦጫቦጨው። የመብራት ኃይል ጉዳይ ቆጣሪው ላይ ያበቃል፤ ከቆጣሪው ወዲህ ያለው የእኛ ጉድ ነው። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው የሕዳሴ ግድብ 5,150 ሜጋ ዋት ያመነጫል። ኃይሉ በ500 ኪሎ ቮልት መስመር በዴዴሳ አድርጎ እስከ ሆለታ ሲመጣ እያንዳንዱ ምሰሶ በመሐንዲስ ተለክቷል፣ የሽቦው መርገብ ሳይቀር ተሰልቷል። ያ ሁሉ ተጉዞ፣ በየጣቢያው ዝቅ ዝቅ እያለ፣ እኛ ሰፈር ደርሶ፣ ቆጣሪያችንን ካለፈ በኋላ የመጨረሻዋ አራት ሜትር ላይ በጥቁር ፕላስተር የተጠመጠመ መጋጠሚያ ያገኛል። ያውም ሳጥን ውስጥ አይደለም፤ ልስን ውስጥ። ሽቦ አጥሮበት ነው፤ ሁለቱን ጫፍ አጣምሞ፣ ጠቅልሎ፣ ቀበረው። ሽቦ በአብዛኛው የሚግለው በመጋጠሚያው ላይ ስለሆነ፣ ከአባይ የመጣው ሁሉ እዚያች ቋጠሮ ላይ ይሞቃል።

በየት እንደቀበረው ደግሞ አይጠየቅም። እንግሊዞቹ በግድግዳ ውስጥ ያለ ሽቦ ከሶኬቱ ወይም ከማብሪያው ቀጥ ብሎ ወደ ላይ፣ ወደ ታች ወይም ወደ ጎን እንዲሄድ ያዛሉ፤ ካልሆነም በማዕዘኑና በጣሪያው ጥግ ባለችው 15 ሴንቲ ሜትር ውስጥ። እንዲህ ከሆነ ሶኬቱን ያየ ሰው ሽቦው የት እንዳለ ያውቃል፣ ድሪሉንም ወደ ሌላ ያዞራል። የእኛ ልጅ ግን አቋራጭ ይወዳል። ከማብሪያው ወደ አምፖሉ በሰያፍ ይሄዳል፤ ሁለት ሜትር ሽቦ ይተርፋል፣ ባለቤቱም ያመሰግነዋል። ሰያፉ መስመር የሚያልፈው፣ አንድ ቀን ቴሌቪዥን በሚሰቀልበት በዚያው ልክ ነው። ይህ ለምን እንደሚሆን ፊዚክስ አያስረዳም።

ከላይ ያልኳችሁ ጎረቤቴ በዚህ ነገር ከሁላችንም ብልህ ነበር። ሥራው ተጣድፎ እያለ፣ ልሳኙ በር ላይ ቆሞ እያጉረመረመ፣ «ቆይ!» አለና እያንዳንዱን ግድግዳ ቱቦው ሳይሸፈን በስልኩ ፎቶ አነሣ። ነገ ሚስማር ስመታ አልደናበርም አለ። ሜትር ተዘርግቶ ቢነሣ ጥሩ ነበር፤ በዕለቱ ሜትሩን ግንበኛው ይዞት ሄዷል። ስለዚህ ለልክ እንዲሆን ልጁን ከግድግዳው ፊት አቆማት። በየክፍሉ አቆማት። ልጅቷም ሰልችቷት ምላሷን አውጥታ ተነሣች።

በቀደም ለት ቴሌቪዥን ሊሰቅልለት ባለሙያ መጣ። ግድግዳውን አየ፣ ድሪሉን አነሣ።

«ቆይ እንዳትበሳ!» ብሎ ጎረቤቴ ስልኩን አወጣ። ልደቱን፣ ሰርጉን፣ ለቅሶውን በጣቱ እየገፋ ወደ ኋላ ሄደ፤ በመጨረሻ የሳሎኑን ግድግዳ አገኘው። መነጽሩን አስተካክሎ አየው።

«አዎ፣ ይኸውልህ። ቱቦው ከልጅቷ ቀኝ ጆሮ አንድ ስንዝር ወደ ላይ ነው።»

ባለሙያው ፎቶውን አየ፤ ግድግዳውን አየ፤ ከወጥ ቤት በር ላይ ፈንዲሻ እየበላች የቆመችውን ኮረዳ ቀና ብሎ አየ።

«ጋሼ፣» አለ ድሪሉን ዝቅ አድርጎ፣ «ልጅቷ ያኔ ስንት ዓመቷ ነበር?»